ኪስ የፈለገው ፍልፈል

እናቴ ባለፈው ዓመት ለሦስት ወር ፍራንክፈርት መጥታ ነበር። የመጣችው ልጄን ልታይ ነው፤ እኔን ማየቱ ምርቃት ነው። ልጄ አራት ዓመቷ ነው። አማርኛዋ ከ"ነይ" እና ከ"ብዪ" ብዙም አይዘልም። እማዬ ደግሞ ከጀርመንኛ የምታውቀው "ዳንኬ" የምትለዋን ብቻ ነው። እሷንም ለአውቶቡስ ሹፌሩ ትለዋለች፣ የሱቁ በር ራሱ ሲከፈትላትም ለበሩ ትለዋለች።

የመጀመሪያው ሳምንት ከባድ ነበር። ሁለቱ አንድ ሶፋ ላይ እንደ እንግዳ ተቀምጠው ይተያያሉ። እማዬ "ነይ እስቲ የኔ ቆንጆ" ትላለች። ልጅቷ ምን አለችኝ በሚል ዓይን ወደ እኔ ትዞራለች። እኔ አስተርጓሚ ነኝ። አስተርጓሚው ሥራ ሲሄድ ቤቱ ጸጥ ይላል።

አንድ ቅዳሜ ጠዋት ከአሮጌ ዕቃ ገበያ በ2 ዩሮ የገዛሁትን ዲቪዲ ከፈትኩላቸው። አረንጓዴ መስክ ታየ። አፈሩ እየተገፋ ወደ ላይ አበጠ። ከውስጡ ቀይ አፍንጫና ሦስት ፀጉር ያለው ጥቁር ነገር ብቅ አለ።

"እንዴ! ይሄ ፍልፈል አይደል እንዴ?" አለች እማዬ።

ጎጃም ያደገ ሰው ፍልፈል ሲያይ ደስ አይለውም። ድንቹን ከሥር ከሥሩ የሚጨርስበት እሱ ነው። "ይሄን ነው ለሕፃን የምታሳየው?" ብላ ገላመጠችኝ። አምስት ደቂቃ አልፈጀም። ፍልፈሉ ተደናቅፎ ሲወድቅ ልጄ ሳቀች። እማዬም ሳቀች። ከዚያ ተያዩና እንደገና ሳቁ። ለማንም ምንም አልተረጎምኩም።

ለጥንቃቄ ያህል፣ የኛ ፍልፈልና የነሱ ፍልፈል ዘመዳሞች አይደሉም። የኛው ሥር የሚበላ፣ የአይጥ ወገን ነው። ትልቁ ዝርያ ባሌ ተራራ ላይ ይኖራል፤ ቀይ ቀበሮ የሚያድነው እሱን ነው። የአውሮፓው ግን ትልና ነፍሳት ነው የሚበላው፤ ድንች አይነካም። ይሄን ለእማዬ ስነግራት "ሁሉም እንደዚያ ነው የሚለው" አለችኝ።

ዲቪዲው ቤታችን ውስጥ የቀን ሥርዓት ሆነ። በሁለተኛው ሳምንት እማዬ ድንገት "ለመሆኑ ይሄን የሚሠራው ማነው?" ስትለኝ መልስ አልነበረኝም። ጀርመን አገር ልጅ ያሳደገ ሁሉ ይሄን ፍልፈል ያውቀዋል። አንዲት የካርቱን አይጥ ምልክቱ በሆነች የጀርመን የልጆች የቴሌቪዥን ፕሮግራም ላይ ለዓመታት ስለታየ ብዙው ሰው ጀርመናዊ ነው ብሎ ያስባል። እኔም እንደዚያ ነበር የማስበው። ቼክ መሆኑን የሰማሁት እናቴ ስለጠየቀችኝ ነው ማለት ይቻላል። ስሙ በቼክኛ ክርቴክ ይባላል፤ ፍልፈል ማለት ነው፣ ሌላ ስም የለውም። የፈጠረው ሰው ዝዴኔክ ሚለር ነው።

ሚለር የተወለደው በየካቲት 1921 ክላድኖ በምትባል ከተማ ነው። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው፣ ይቅርታ።) ክላድኖ ፕራግ አጠገብ ያለች የድንጋይ ከሰልና የብረት ከተማ ናት። ምድሯ በሰው እጅ የተቦረቦረ ነው። ከመሬት በታች የሚሠራ ፊቱ የጠቆረ ሰው እዚያ ብርቅ አይደለም። ከዚህ ጀምሮ ስለ ፍልፈሉ አመጣጥ የራሴን ቲዎሪ መሥራት ያምረኛል፤ ግን ሰውየው ራሱ የተናገረው ታሪክ ሌላ ስለሆነ እተወዋለሁ።

ሥዕል የተማረው ፕራግ ነው። የተማረበት ዘመን ግን መጥፎ ዘመን ነበር። በ1939 ናዚዎች አገሪቱን ያዙ። በዚያው ዓመት ኅዳር ላይ የቼክ ዩኒቨርሲቲዎችን በሙሉ ዘጉ። ወጣቱ ሰዓሊ በጦርነቱ ጊዜ ሥራ ያገኘው ዝሊን ውስጥ ነው። ዝሊን የባታ ከተማ ናት፤ አዎ፣ ያ የጫማው ባታ። ድርጅቱ ከተማዋን በራሱ አምሳል ገንብቷት ነበር፤ የሠራተኛው ቤት ሳይቀር እንደ ጫማ ካርቶን የተደረደረ ነው። ማስታወቂያ የሚያሠራበት የራሱ የፊልም ስቱዲዮም ነበረው። የሚገርመው፣ ጫማ ለመሸጥ የተቋቋመው ስቱዲዮ የቼክ አኒሜሽን መፈልፈያ ሆነ። ሄርሚና ቲርሎቫ እና ካሬል ዜማን የሚባሉት ትልልቅ ሰዎች ሁለቱም በዚያ ቤት አልፈዋል። ሚለርም የሙያውን ሀ ሁ የቆጠረው እዚያ ነው።

ጦርነቱ በ1945 ሲያበቃ መንግሥት የፊልም ኢንዱስትሪውን ወረሰ። ፕራግ ላይ "ብራትሺ ፍ ትሪኩ" የሚባል የካርቱን ስቱዲዮ ተቋቋመ። ስሙ ቅኔ ነው። ሰሙን ከወሰድክ "ቲሸርት የለበሱ ወንድማማቾች" ማለት ነው፤ ወርቁ ደግሞ "በፊልም ማታለያ ሥራ ላይ ያሉ ወንድማማቾች" ይሆናል። ባለ መስመር ቲሸርት የለበሱ ፀጉረ ጥቅልል ሦስት ልጆች ያሉበትን የስቱዲዮውን አርማ የሣለው ሚለር ነው። ለስቱዲዮው ሌላ ምንም ባይሠራ እንኳ በየፊልሙ መጀመሪያ ላይ ይታይ ነበር።

በስሙ ያወጣው የመጀመሪያ ፊልም ግን ከክርቴክ ጋር ዝምድና የለውም። በ1948 የወጣው "ፀሐይን የሰረቀው ሚሊየነር" ነው። መነሻው በ23 ዓመቱ የሞተው ገጣሚ ዪርዢ ቮልከር የጻፈው ተረት ነው። አንድ ሀብታም ፀሐይን ለራሱ ብቻ ይወስዳታል፤ ዓለም ይጨልማል። ፊልሙም ጨለማ ነው። ይሄን ካየሁ በኋላ ስለ ሚለር የነበረኝ ሥዕል ተቀየረ። ጣፋጭ ነገር የሠራው ሌላ ስለማይችል አልነበረም።

አሁን ወደ ትእዛዙ ልምጣ።

በ1950ዎቹ አጋማሽ ሚለር አንድ ሥራ ታዘዘ፤ ተልባ እንዴት ጨርቅ እንደሚሆን ለሕፃናት የሚያስረዳ ፊልም። እስቲ አስቡት። ሰዓሊ ነህ፣ ሠላሳዎቹ ውስጥ ነህ፣ ነገ ዓለምን የሚያስደምም ሥራ እሠራለሁ ብለህ ታስባለህ። ጠረጴዛህ ላይ የሚመጣው የተልባ አዘገጃጀት ነው። እኔ ብሆን ደረጃዎቹን አንድ ሁለት ብዬ ደርድሬ፣ ከጀርባ ሙዚቃ ለቅቄ አስረክብ ነበር። የመሥሪያ ቤት ሥራ እንደዚያ አይደል የሚሠራው?

ሚለር ግን የቀረበለት ነገር ልጆችን አይይዝም ብሎ አሰበ። ባለታሪክ ያስፈልጋል፤ እንስሳ ቢሆን ጥሩ ነው። ችግሩ ዋልት ዲዝኒ ነው። አይጡም፣ ዳክዬውም፣ ውሻውም፣ አጋዘኑም ተይዟል። ዲዝኒ ያልነካውን እንስሳ ፍለጋ ሲጨነቅ ከረመ። ከዚያ፣ እሱ ሲናገረው እንደኖረው፣ አንድ ምሽት ሲንሸራሸር አንድ ነገር አደናቀፈው። ዞር ብሎ ሲያየው ፍልፈል የቆለለው አፈር ነው። በቃ፣ ተገኘ።

እንዲህ ያለ ታሪክ ሁሌም ትንሽ ያጠራጥረኛል። ሰው ስለ ሥራው ሲጠየቅ ሃምሳ ዓመት ሙሉ አንድ መልስ እየመለሰ ያሳምረዋል። ግን እውነት ባይሆንም እንኳ ደስ ይላል። ሁላችንም የምንረግመውን የአፈር ክምር አንድ ሰው ተደናቅፎበት አመሰገነው።

ፊልሙ በ1957 ወጣ፤ "ፍልፈሉ ሱሪ እንዴት አገኘ" ይባላል። ቬኒስ ላይ ተሸለመ። ርዝመቱ አሥራ ሦስት ደቂቃ ገደማ ነው። ለማያውቅ ሰው አሥራ ሦስት ደቂቃ ምንም አይመስልም። ፊልም በሰከንድ 24 ፍሬም ነው የሚሄደው። አንዱን ሥዕል ሁለት ሁለት ጊዜ እያነሡ ቢቆጥቡ እንኳ ለአንድ ሰከንድ 12 ሥዕል ይፈለጋል። ለአሥራ ሦስት ደቂቃ ከዘጠኝ ሺህ በላይ ይሆናል ማለት ነው። ሁሉም በእጅ፣ ሁሉም ብርሃን በሚያሳልፍ ፕላስቲክ ላይ ተቀብቶ።

ይሄኛውን ፊልም ለብቻው ፈልጌ ሳገኝ እማዬ መነጽሯን አድርጋ ተቀመጠች። ልጄ እግሯ ሥር ምንጣፉ ላይ ነበረች።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ፍልፈሉ ውሎውን የሚያገኘውን ብልጭልጭ ነገር ሁሉ የሚያስቀምጥበት የለውም። አንድ ቀን ገመድ ላይ የተሰጣ ሰማያዊ ሱሪ ያያል። ሱሪው ትልልቅ ኪስ አለው። ፍልፈሉ ያለቅሳል፤ ኪስ ያለው ሱሪ ይፈልጋል። ማን ይስጠው? አንዷ በሸምበቆ መሀል የምትኖር ትንሽ ወፍ "ጨርቅ ካመጣህ እሰፋልሃለሁ" ትላለች። ሸርጣኑ በመቆንጠጫው "እቆርጥልሃለሁ" ይላል። ጨርቁ ከየት ይምጣ? ከተልባ። ተልባው በዝምታ የቆመ ሰማያዊ አበባ ነው።

እማዬ ከሶፋው ብድግ አለች። "ተልባ! ተልባ እኮ ነው!"

አበባውን ነው ያወቀችው። የተልባ ማሳ ሲያብብ መሬቱ ሰማይ ይመስላል፤ እሷ ያደገችበት ቀዬ ያንን ያውቃል። ግን እኛ ጋ ተልባ ማለት ፍሬው ነው። ተቆልቶ ተወቅጦ በውሃ ይበጠበጣል፣ በጾም ይጠጣል፣ ለጨጓራም ይሆናል ይባላል፣ ቢንጫጫም በአንድ ሙቀጫ ነው። አገዳውን ማን ቁም ነገር ብሎት ያውቃል?

ፍልፈሉ ተልባውን አረመው፣ ውሃ አጠጣው። ሲደርስ ተነቀለ። በእንቁራሪቷ እርዳታ ውሃ ውስጥ ተዘፈዘፈ። ይሄ ደረጃ እውነተኛው ሥራም ላይ አለ፤ አገዳው ውሃ ውስጥ ሲቆይ ቃጫውን ከእንጨቱ ጋር ያጣበቀው ነገር በስብሶ ይለቃል። ከዚያ ሽመላው በመንቁሩ አገዳውን እንክትክት አደረገው። ጃርቱ በእሾሁ አበጠረው። ሸረሪቶቹ ፈተሉት። በብሉቤሪ ጭማቂ ሰማያዊ ተነከረ። ጉንዳኖቹ ሸመኑት።

እማዬ በየደረጃው ታወራለች። የምታወራው ለልጄ ነው፤ በአማርኛ። "አየሽ፣ ይሄ እንደ መዳመጥ ነው። ይሄ ደግሞ መንደፍ ነው፣ በደጋን ነው የሚነደፈው።" ጃርቱ ሲያበጥር "ባዘቶውን አየሽው?" ትላለች። ሸረሪቶቹ ሲፈትሉ ደግሞ እጇን አነሣች፣ በሌላ እጇ ጭኗ ላይ የሌለ እንዝርት አሾረች። እናቴ በልጅነቴ ማታ ማታ ትፈትል ነበር። ልቃቂቱ በቅርጫት ሲሞላ ለሸማኔ ይሰጥ ነበር። ያንን ካየሁ ሠላሳ ዓመት ሊሞላኝ ነው። እጇ ግን አልረሳም። ልጄም አሻግራ አይታ በትንሽ ጣቷ የሌለ እንዝርት አሾረች።

ድሩና ማጉ ላይ ሲደርስ እማዬ ዝም አለች። ጉንዳኖቹ ጨርቁን ሲጨርሱ ቀስ ብላ "የተልባ እግር" አለች።

"ምን?"

"የተልባ እግር። መጽሐፉ ላይ ያለው። ስድሳ ዓመት ቤተ ክርስቲያን ሲነበብ እሰማለሁ፤ ካህናቱ የተልባ እግር ለበሱ፣ ነጭ የተልባ እግር። እኔ እኮ ተልባ ምን እግር አለው እያልኩ ነው የኖርኩት። ለካ እግሩ አገዳው ነው።"

እኔም አላውቅም ነበር። ብዙ መዝገበ ቃላት ገልጬ አውቃለሁ፤ ይሄ ቃል ግን ከነትርጉሙ የተከፈተልኝ በጉንዳኖችና በአንድ ጃርት ነው። ቼኮዝሎቫኪያ ውስጥ አንድ ኃላፊ ተልባ ይማሩ ብሎ ያዘዘው ፊልም ነበር። ትእዛዙ ሰሚ አገኘ፤ ትንሽ ዘገየ እንጂ። ፍራንክፈርት ውስጥ አንዲት የጎጃም አያት ተማረች።

ይሄን ፊልም ደጋግሜ ሳየው የገባኝ፣ ሚለር ትእዛዙን አላመለጠም። ፍልፈሉን አምጥቶ ተልባውን አልደበቀውም። የታዘዘውን አንድም ደረጃ ሳይዘል ሠራው፤ ግን እያንዳንዱን ደረጃ ለአንድ እንስሳ እንደ ተፈጥሮው ሰጠው። ሽመላ መሰባበር ይችላል፣ ጃርት ማበጠሪያ ነው። ማንም ከአቅሙ በላይ አልተጠየቀም። ፍልፈሉም በነጻ አላገኘም፤ ጉልበቱን ከፈለ። ታሪኩ ከፊልም ወደ መጽሐፍም አልፏል፤ ኤድዋርድ ፔቲሽካ የሚባል ጸሐፊ ቃሉን ጽፎለት፣ ከሚለር ሥዕል ጋር ዛሬም ይታተማል።

በነገራችን ላይ፣ ያ ሁሉ ፍጡር የለፋበት ሱሪ በቀጣዮቹ ፊልሞች ላይ የለም። ፍልፈሉ ዕድሜ ልኩን ራቁቱን ነው የሚሄደው። ልጄ ይሄን አስተውላ "ሱሪው የት ሄደ?" ብላ ጠየቀችኝ። "ታጥቦ ተሰጥቶ ይሆናል" አልኳት።

ከሱሪው ጋር አብሮ የጠፋ ሌላም ነገር አለ፤ ንግግሩ። በመጀመሪያው ፊልም ፍልፈሉ ያወራል። ፊልሙ ወደ ሌሎች አገሮች ሲሄድ ሚለር ንግግሩ አላስፈላጊ ሸክም መሆኑን አየ። ከዚያ በኋላ የቀረው ሳቅ፣ ለቅሶ፣ መገረም፣ እንደ "ወይኔ" ያለ እስትንፋስ ነው። ድምፁን የሰጡት የገዛ ሴት ልጆቹ ናቸው። የሙከራ ተመልካቾቹም እነሱ ነበሩ። ቤት ውስጥ ያሳያቸዋል፤ ካልገባቸው ተመልሶ ያርመዋል። ቃል ስትቀንስ ሥራው ይቀላል የሚመስለው አለ። ተቃራኒው ነው። "አዝኛለሁ" የሚለውን ቃል ከከለከልከው፣ ማዘኑን በትከሻ፣ በአካሄድ፣ በሦስት ፀጉር መዘንበል ማሳየት አለብህ። ስክሪፕት ጸሐፊ ቃል አጥቶ የሚጽፍበት ሥራ ነው።

ሁለተኛው ፊልም እስኪመጣ ስድስት ዓመት ፈጀ። በ1963 ፍልፈሉ መኪና አማረው። በ1965 ሮኬት ላይ ወጣ። ከዚያ ትራንዚስተር ሬዲዮ መጣ፣ ማስቲካ መጣ፣ ቴሌቪዥን መጣ። ዝርዝሩን ላየው ሰው የዘመኑ የገበያ ዝርዝር ይመስላል፤ ሰው የተመኘው ዕቃ ሁሉ ጫካው ውስጥ ደርሶ ችግር ይፈጥራል። የማስቲካው በተለይ አለ። ሽርሽር የመጡ ሰዎች ቆሻሻቸውን ጥለው ይሄዳሉ፤ ማስቲካው ፍልፈሉ ላይ ይጣበቅና አሳሩን ያያል። 1969 ላይ የተሠራ ነው። ማንም "አካባቢህን ጠብቅ" አይልበትም።

ለእኔ ከሁሉም የሚከብደው የ1982ቱ "ፍልፈሉ በከተማ" ነው። ደኑ ይቆረጣል። በቦታው ከተማ ይበቅላል። ቤት ለሌላቸው እንስሶች ባለሥልጣናት አፓርታማ ይሰጧቸዋል፤ የሚኖሩበት ጫካ ግን የውሸት ነው። ልጄ ሳቀችበት። እማዬ አልሳቀችም። "ካሳ ተከፈላቸው ማለት ነው" አለች ብቻ። ከአገር ቤት ልማት ያነሣው ሰው ሁሉ ይሄን ፊልም ያለ አስተርጓሚ ይረዳዋል።

በጠቅላላው ወደ ሃምሳ የሚጠጉ ፊልሞች ወጡ። አንዳንዶቹ በድፍረታቸው ያስደንቃሉ፤ በአንዱ ላይ ጥንቸሏ ስትወልድ በግልጽ ይታያል። የፒያኖና የዋሽንት ስሜት ያለው ለስላሳው ሙዚቃ በአብዛኛው የቫዲም ፔትሮቭ ነው። በመሀል ሚለር ስለ አንድ ቡችላና ቫዮሊን ስለሚጫወት ፌንጣም ሠርቷል። ጥሩ ናቸው። ግን ማንም "የፌንጣው ሰውዬ" ብሎት አያውቅም።

እዚህ ላይ አንድ የሚያስቸግረኝ ነገር አለ። ሚለር በሠራበት ስቱዲዮ መጀመሪያ ላይ መሪው ዪርዢ ትርንካ ነበር፤ የአሻንጉሊት ፊልም ታላቁ ሰው። ትርንካ በ1965 "እጅ" የሚል አጭር ፊልም ሠራ። አንድ ሸክላ ሠሪ ለአበባው ማሰሮ ይሠራል። አንድ ግዙፍ እጅ ይመጣና የእጅ ሐውልት ሥራልኝ ይለዋል። አልሠራም ይላል። እጁ ይለምነዋል፣ ያባብለዋል፣ ያስረዋል። መጨረሻው ሞት ነው፤ እጁ ደግሞ በክብር ይቀብረዋል። ትርንካ ራሱ በታኅሣሥ 1969 ሞተ፤ ፊልሙም ብዙ ሳይቆይ ታግዶ ለሃያ ዓመት ያህል ተደበቀ።

በዚያው 1965 ሚለር ፍልፈሉን ሮኬት ላይ እያሳፈረ ነበር። ሁለቱ ከአንድ ቤት የወጡ ናቸው። አንዱ ስለ ትእዛዝ እንቢታ ፊልም ሠራ። ሌላው በታዘዘው ሥራ ውስጥ የገዛ ቤቱን ቆፍሮ ገባ። ወጣት ሳለሁ ቢሆን ያለምንም ማመንታት ትርንካን እመርጥ ነበር፤ ሚለርን ፈሪ ነው እለው ነበር። ዛሬ ሳስበው ያን ያህል አልቸኩልም። ተልባ እንዴት ጨርቅ እንደሚሆን ማስረዳት እጅን ከማምለክ ጋር አንድ አይደለም። ግን ልቤ አሁንም በሙሉ አልረጋም። በ1968 የሶቪየት ታንኮች ፕራግ ሲገቡ፣ ከዚያ በኋላ ባለው ሃያ ዓመት የስንቱ አፍ ሲለጎም፣ ዝም ብሎ ማለፍ የሚችለው የማይናገር ፍልፈል ብቻ ነበር። ያ ዝምታ ጥበብ ነው ወይስ ጥንቃቄ? ሁለቱም ይመስለኛል። ሁለቱን የሚለየውን መስመር የሳንሱር ዘመን ያየ ሰው በቀላሉ አያሰምረውም።

የመጨረሻውን ፊልም ሚለር የሠራው በ2002 ነው፤ 81 ዓመቱ ነበር። ከዚያ አንድ ማንም ስክሪፕት ጸሐፊ ሊጽፈው የማይደፍር ነገር ሆነ። በግንቦት 2011 ኢንዴቨር የተባለችው የአሜሪካ መንኮራኩር ለመጨረሻ ጊዜ ወደ ጠፈር ስትነሣ፣ አንድሪው ፎይስትል የተባለ ጠፈርተኛ ከዕቃው ጋር አንድ የክርቴክ አሻንጉሊት ይዞ ወጣ። ባለቤቱ የቼክ ዘር አላት። አሻንጉሊቱ ክብደት በሌለበት አየር ላይ ሲንሳፈፍ የሚያሳይ ምስል አለ። ዕድሜ ልኩን መሬት ውስጥ የኖረ እንስሳ እኮ ነው። 1965 ላይ በሥዕል የተነሣው ሮኬት 46 ዓመት ዘግይቶ ደረሰ። ሚለር ያኔ 90 ዓመቱ ነበር። በዚያው ዓመት ኅዳር መጨረሻ ላይ አረፈ።

ከሞቱ በኋላ ያለው ወሬ አያምርም። የፍልፈሉ መብት የማን ነው በሚል የፍርድ ቤት ክርክር ተነሣ። ቻይና ውስጥ በኮምፒውተር የተሠራ ክርቴክ ከፓንዳ ጋር ወጣ። ትንሽ አየሁት። ያወራል። ዘጋሁት።

እማዬ ልትመለስ ሳምንት ሲቀራት ያመጣችላትን የሐበሻ ቀሚስ ለልጄ አለበሰቻት። ልጄ ቀሚሱን ግራ ቀኝ ዳሰሰችና ፊቷ ጨፈገገ። በጀርመንኛ አንድ ነገር አለች።

"ምን አለች?" አለችኝ እማዬ።

"ኪስ የለውም ነው የምትለው።"

"የሐበሻ ቀሚስ ምን ኪስ አለው!" አለች። ማታ ግን መርፌና ክር ጠየቀችኝ። ጠዋት ላይ ቀሚሱ ከጥለቱ በላይ በቀኝ በኩል ኪስ ነበረው፤ የተቆረጠው ከአሮጌ ሰማያዊ ሸሚዜ ነው። ሸሚዙን ማንም አልጠየቀኝም። ልጄ ቀሚሱን ለሦስት ቀን አላወልቅም አለች።

እማዬን አውሮፕላን ማረፊያ ሸኝተን ስንመለስ ቀሚሱን ከሌላው ልብስ ጋር ማጠቢያ ማሽን ውስጥ ከተትኩት። ኪሱን አልፈተሽኩም። ለካ እማዬ ከአገር ቤት ካመጣችው ካልተቆላው ተልባ አንድ እፍኝ ሙሉ ሰጥታት ኖሯል። ተልባ ውሃ ሲነካው ምን እንደሚሆን የምታውቁ ታውቁታላችሁ። ማሽኑን ስከፍት ልብሱ ሁሉ ተዝለግልጎ ተያይዟል። ፍሬው ከኪሱ፣ ከእጅጌው፣ ከካልሲው ውስጥ ይወጣል። እየለቀምኩ ሳለ ልጄ መጥታ አጠገቤ ቁጢጥ አለች። አንዷን ፍሬ በጣቷ አንሥታ አየቻት።

"ተልባ" አለች፣ በአማርኛ። ከዚያ "እግሩስ?" አለችኝ።